የስኳሩን መርፌ ማን ይክፈል?

ዘንድሮ የምትጠይቁኝ ነገር ተለውጧል። ድሮ ጨጓራና ደም ግፊት ነበር። አሁን ከሐይቅም ይምጣ ከወልዲያ፣ ከደሴም ይሁን ከኮምቦልቻ፣ ጥያቄው ዞሮ ዞሮ ስኳር ነው፣ ክብደት ነው፣ መርፌ ነው። ከዚያ ደግሞ «መድኑ ይሸፍነዋል ወይ?» ይመጣል። እኔ ሐኪም አይደለሁም፣ የመድን ሠራተኛም አይደለሁም። ሃያ ምናምን ዓመት ደሴ ውስጥ የመድኃኒት ቤት መስኮት ላይ የቆምኩ ፋርማሲስት ነኝ። ማዘዣ ይዞ የመጣ ሰው ለምን ባዶ እጁን እንደሚመለስ ግን ከዚያ መስኮት ላይ ሆኖ በደንብ ይታያል። አራት ጥያቄ መርጫለሁ፤ ሦስተኛውን አስረዝሜዋለሁ፣ ቅር እንዳይላችሁ።

«ጋሼ እንደምን ሰነበቱ? የሐይቅ ልጅ ነኝ። አባቴ የ63 ዓመት ገበሬ ነው፣ ኢንሱሊን መውጋት ከጀመረ ስድስት ዓመት ሆኖታል። የጤና መድን መዋጯችንን ሳናጓድል በየዓመቱ እንከፍላለን። ባለፈው ወር ክትትል ወደሚያደርግበት ቦታ ሲሄድ ‹ኢንሱሊን የለም፣ ከውጭ ግዙ› ተባለ። ከኪሳችን ገዛን። ታዲያ መዋጮው ለምንድን ነው? ዘንድሮ ባላሳድስስ?»

ወንድሜ፣ ብትናደድ አልፈርድብህም። ግን አሳድስ።

መጀመሪያ አንድ ነገር እንለይ። መድኑ ገንዘብ ነው፣ መደርደሪያው ሌላ ነው። አንተ የምትከፍለው መዋጮ አባትህ ሲታከም ሂሳቡን ለመክፈል ነው። ኢንሱሊኑን ገዝቶ ለመንግሥት ጤና ተቋማት የሚያከፋፍለው የመድኃኒት አቅራቢ አገልግሎት ነው፤ ደሴም ላይ ቅርንጫፍ አለው። እዚያ ሲቋረጥ፣ ወይም ጤና ጣቢያው በጊዜ ሳይጠይቅ ሲቀር፣ መድንህ የታደሰ ቢሆንም መደርደሪያው ባዶ ይሆናል። ይሄ ለታማሚው መጽናኛ እንዳልሆነ አውቃለሁ። ግን አቤቱታህን የት እንደምታቀርብ ይወስንልሃል።

እንግዲህ እንዲህ አድርግ። በአፍ የተነገረ «የለም» ለምንም አይጠቅምህም። ማዘዣው ላይ «የለም» ተብሎ ይጻፍልህ፣ ቀን ይግባበት፣ ማኅተም ይረፍበት። ከውጭ ስትገዛ ደረሰኙ በአባትህ ስም ይሁን፤ በአንተ ስም የተቆረጠ ደረሰኝ ይዞ መጥቶ ሲጨቃጨቅ የዋለ ሰው ስንቱን አይቻለሁ መሰለህ። ሁለቱን ወረቀት ይዘህ ወረዳው ጤና መድን ክፍል ሂድና ሁለት ነገር ጠይቅ። መድኃኒት ሲጠፋ ታማሚ የሚላክበት ውል ያለው መድኃኒት ቤት አላችሁ ወይ? ከሌለስ በደረሰኝ ተመላሽ ታደርጋላችሁ ወይ? ወረዳ ከወረዳ ይለያያል፣ ስለዚህ ኩታበር ያለው ዘመድህ የነገረህ ላንተ ላይሠራ ይችላል። ሌላም ነገር አለ፤ ከጤና ጣቢያ ሪፈር ሳያጽፉ በቀጥታ ሆስፒታል መሄድ ከኪስ ያስከፍላል። ብዙ ሰው «መድኑ ካደኝ» የሚለው እዚህ ላይ ነው፣ ሳይላክ ሄዶ።

ደግሞስ የሐይቅ ልጅ ሆነህ መድን ልተው ትለኛለህ እንዴ! ማህበረሰብ አቀፍ ጤና መድን በ2003 ዓ.ም. በ13 ወረዳዎች ለሙከራ ሲጀመር ከአማራ ክልል ከተመረጡት ሦስት ወረዳዎች አንዷ የእናንተው ተሁለደሬ ነበረች። አገሩ ሁሉ ከእናንተ ነው የተማረው። አባትህ ነገ ተኝተው መታከም ቢኖርባቸው፣ እግራቸው ላይ ቁስል ቢወጣ፣ የዚያን ጊዜ ሂሳብ ከዘንድሮው መዋጮ ጋር አስተያየው። መዋጮው ለቤተሰቡ በሙሉ እንደሆነም አትርሳ።

ካነሳነው አይቀር፣ ካናዳ ውስጥ ኢንሱሊንን ያገኙት ሰዎች እ.ኤ.አ. በ1923 ፓተንቱን (የፈጠራ ባለቤትነት መብቱን) ለቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ የሸጡት እያንዳንዳቸው በ1 ዶላር ነው። ለሁሉም ይድረስ ብለው። መቶ ዓመት አልፎት ሐይቅ ላይ «ከውጭ ግዙ» ይባላል።

«ሰላም ጋሼ። ወልዲያ መምህር ነኝ። ባለፈው ዓመት ዓይነት ሁለት ስኳር ተገኘብኝ። ጤና መድን ልግባ ስል ‹አንተ ደመወዝተኛ ነህ፣ ይሄ ለገበሬና በግል ለሚሠራ ነው› አሉኝ። የኔን ሜትፎርሚን ማን ይክፈልልኝ?»

መምህር፣ ለጊዜው አንተው ነህ። ለደመወዝተኛው የታሰበው ማህበራዊ ጤና መድን ነው። አዋጁ፣ ቁጥር 690፣ በ2002 ዓ.ም. ወጥቷል፤ ሠራተኛው ከደመወዙ ይቆረጥበታል፣ አሠሪውም ያዋጣል ይላል። ሥራ ላይ መዋሉ ግን ሲዘገይ ሲዘገይ ነው የኖረው። ገበሬው መድን ሲኖረው የገበሬውን ልጅ የሚያስተምረው የለውም፤ ይሄን ስሰማ ሁሌም ግርም ይለኛል።

ደግነቱ ሜትፎርሚን ከርካሾቹ የስኳር መድኃኒቶች አንዱ ነው። ስትገዛ በንግድ ስሙ አትጠይቅ፣ «ሜትፎርሚን» ብለህ ጠይቅና ከየትኞቹ አገሮች የመጣ እንዳላቸው፣ ዋጋው ስንት ስንት እንደሆነ ያሳዩህ። ልዩነቱ ያስገርምሃል። ከምግብ ጋር ውሰደው፣ ሆድህን ብዙም አይረብሽህም።

«ጋሼ፣ ደሴ ቧንቧ ውሃ ነው የምኖረው። እህቴ ሜሪላንድ ናት። ክብደት አስቸግሯት ዌጎቪ የሚባል መርፌ በመሥሪያ ቤቷ ኢንሹራንስ ትወስድ ነበር፣ 18 ኪሎ ቀነሰች። አሁን ኢንሹራንሱ ከእንግዲህ አልከፍልም አላት። አብራት የምትሠራው ልጅ ግን ስኳር ስላለባት ኦዜምፒክ በዚያው ኢንሹራንስ ታወጣለች። ሁለቱ አንድ መድኃኒት ነው ይላሉ፣ እውነት ነው? እናታችን 61 ዓመቷ ነው፣ ስኳርም ውፍረትም አለባት፣ ሜትፎርሚንና ግሊቤንክላማይድ ትወስዳለች። እህቴ የተረፋትን አራት መርፌ በሰው ልላክላት ትላለች። በዚያው የኛ ጤና መድን እንዲህ ዓይነቱን መርፌ ይሸፍን እንደሆነ ይንገሩን።»

እታለም፣ ቡናሽን አፍልተሽ ቁጭ በይ፣ ይሄ እስከ በረካ ይወስደናል።

አዎ፣ አንድ መድኃኒት ነው። የሁለቱም ውስጡ ሴማግሉታይድ ይባላል፣ ሠሪውም አንድ ነው፣ ኖቮ ኖርዲስክ የሚባል የዴንማርክ ኩባንያ። የአሜሪካው የመድኃኒት ተቆጣጣሪ እ.ኤ.አ. በ2017 ኦዜምፒክ በሚል ስም ለዓይነት ሁለት ስኳር ፈቀደው፤ በ2021 ደግሞ ዌጎቪ በሚል ስም ለክብደት። በሳምንት አንዴ ቆዳ ሥር ይወጋል። ኦዜምፒክ እስከ 2 ሚሊ ግራም ይደርሳል፣ ዌጎቪ ሲፈቀድ እስከ 2.4 ነበር። ከዚህ ውጭ ልዩነቱ ሳጥኑ ላይ ያለው ስም ነው።

ኢንሹራንሱ ግን ሲሪንጁ ውስጥ ያለውን አያይም። የሚያየው ሐኪሙ የጻፈውን የበሽታ ስም ነው። «ስኳር» ብሎ ሲጻፍ አንዱ መዝገብ ይከፈታል፣ «ውፍረት» ሲባል ሌላው። የመሥሪያ ቤት ኢንሹራንስ ከሆነ ደግሞ የክብደት መድኃኒት ይካተት አይካተት የሚለውን ብዙ ጊዜ የሚወስነው አሠሪው ነው፤ ዋጋው ሲከብደው ያወጣዋል። የዌጎቪ የዝርዝር ዋጋ ለዓመታት በወር ከ1,300 ዶላር በላይ ነበር፣ እና መቶ ሠራተኛ ቢጠይቅ ሂሳቡን ራስሽ ምቺው። የአሜሪካ መንግሥት ራሱ ለአረጋውያን በሚሰጠው ሜዲኬር ላይ የመድኃኒት ሽፋን ያመጣው እ.ኤ.አ. የ2003ቱ ሕግ ለክብደት መቀነሻ የሚሰጥ መድኃኒት አይሸፈንም ብሎ ነው የጀመረው። ለስኳር ሲሆን ይከፍላል። በ2024 ዌጎቪ የልብ ሕመም ያለባቸውን ወፍራም ሰዎች ከድንገተኛ የልብ ሕመምና ከስትሮክ ለመጠበቅ ሲፈቀድ፣ በዚያም ምክንያት መክፈል ተቻለ። መድኃኒቱ ያው ነው፣ ወረቀቱ ላይ የተጻፈው ነው የተለወጠው።

እህትሽ እንግዲህ መጀመሪያ የእምቢታውን ደብዳቤ ታንብብ። ኧረ ብዙ ሰው አያነበውም! እዚያ ላይ ምክንያቱ ተጽፏል። ቅድመ ፈቃድ አልተሞላም የሚል ከሆነ ነገሩ ቀላል ነው፤ ሐኪሟ ቅጹን ሞልቶ ይልካል፣ ስትጀምር የነበራትን ክብደትና አሁን ያላትን፣ ደም ግፊት ወይም ኮሌስትሮል ካለባት እሱንም ጨምሮ። «መጀመሪያ ሌላ ርካሽ መድኃኒት ሞክሪ» ከሆነም ሐኪሟ የሞከረችውን ይጽፍላታል። «ከዝርዝራችን ወጥቷል፣ በምትኩ ሌላውን ውሰጂ» የሚልም አለ፤ እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2025 ሲቪኤስ ኬርማርክ የሚባል ትልቅ የመድኃኒት ሽፋን አስተዳዳሪ ዜፕባውንድ የሚባለውን ሌላ የክብደት መርፌ ከዋና ዝርዝሩ አውጥቶ ለክብደት ዌጎቪን ውሰዱ ብሎ ነበር። እንዲህ ከሆነ ሐኪሟን አማክራ ትቀይራለች። የሚከፋው «የክብደት መድኃኒት በጠቅላላ አንሸፍንም» የሚለው ነው። እሱ ላይ ይግባኝ ማለት ግድግዳ መግፋት ነው፤ ከአሠሪዋ የሰው ኃይል ክፍል ጋር መነጋገር ይሻላታል። ለሌሎቹ ይግባኝ አላት። እምቢታው ከደረሳት በ180 ቀን ውስጥ ታቀርባለች፣ መድኃኒቱን ገና ካልወሰደችው ኢንሹራንሱ በ30 ቀን ውስጥ መመለስ አለበት። እንደገና እምቢ ካላት ደግሞ በአራት ወር ውስጥ ጉዳዩ ኢንሹራንሱ በማያዝበት ገለልተኛ አካል እንዲታይላት መጠየቅ ትችላለች።

አሁን ወደ እትዬ፣ ወደ እናትሽ፣ እንምጣ። እህትሽ መርፌዎቹን አትላክ።

እምቢ የምለው በክፋት አይደለም። ዌጎቪ አንዱ መርፌ አንድ ጊዜ ብቻ የሚወጋ ነው፣ መጠኑም አብሮት ተሞልቶ ነው የሚመጣው። ሰው ሲጀምር በ0.25 ሚሊ ግራም ይጀምርና በየአራት ሳምንቱ እየጨመረ ከወራት በኋላ ነው 2.4 ላይ የሚደርሰው። 18 ኪሎ የቀነሰች ሴት የተረፋት መርፌ የመጀመሪያው መጠን እንደማይሆን ግልጽ ነው። እትዬ በመጀመሪያው ቀን ከመነሻው አሥር እጥፍ የሚጠጋ ቢወጉ ትውከቱ ብቻ ሆስፒታል ሊያስገባቸው ይችላል። ምግብ ሳይቀምሱ ግሊቤንክላማይዱን ደግሞ ይውጣሉ፣ ስኳራቸው ቁልቁል ይወርዳል። ዓይናቸው ቀድሞ በስኳር የተጎዳ ከሆነም ስኳሩ ባንድ ጊዜ ሲወርድ የዓይኑ ጉዳት ሊባባስ ይችላል፣ ስለዚህ መድኃኒቱ ከመጀመሩ በፊት ዓይን መታየት አለበት። ይሄን ሁሉ አልፈው ቢወጉትስ? አራት ሳምንት። ከዚያ አለቀ። ሲያቆሙት የምግብ ፍላጎቱም ኪሎውም ተመልሶ ይመጣል።

የኛ መድን ይሸፍናል ወይ ላልሽው፣ የኛ መድን የሚከፍለው ውል በገባበት ተቋም ውስጥ ላለ መድኃኒት ነው። እኔ መስኮት ላይ በቆምኩባቸው ዓመታት በመድን ማዘዣ የመጣልኝ የስኳር መድኃኒት ሜትፎርሚን ነው፣ ግሊቤንክላማይድ ነው፣ ኢንሱሊን ነው። እንደ ዌጎቪና ኦዜምፒክ ያለ መርፌ መጥቶልኝ አያውቅም። ግን በሩ ለዘላለም ተዘግቷል አልልሽም። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በመስከረም 2025 ሴማግሉታይድንና ዘመዶቹን፣ ስኳርም ውፍረትም ኖሮባቸው የልብ ወይም የኩላሊት ሕመም ለተጨመረባቸው ሰዎች፣ ከአስፈላጊ መድኃኒቶች ዝርዝሩ ውስጥ አስገብቷቸዋል። የሴማግሉታይድ ፓተንት ህንድ ውስጥ የሚያበቃው ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2026 ነው፤ መደርደሪያችን ላይ ያለው ክኒን ስንቱ ከህንድ እንደሚመጣ ለኔ ብቻ ተዪው። ዋጋው ሲወርድ ያን ጊዜ እናወራለን።

እህትሽ መርዳት ከፈለገች ግን የምትረዳበት መንገድ አለ፣ እሱም ስትሪፕ ነው። ክኒኑን መድኑ ይከፍላል፤ ቤት ውስጥ ስኳር መለኪያው ላይ የሚሰካው ስትሪፕ ግን ከኪስ ነው የሚወጣው፣ ብዙ ሰው በወር አንዴ ብቻ የሚለካውም ለዚህ ነው። ስትልክ ታዲያ መለኪያውን ከአሜሪካ አትግዛ። ከአሜሪካ የመጣ መለኪያ ስትሪፑ ሲያልቅ ደሴ ውስጥ አቻ አይገኝለትም፤ ስንት ቤት ቡፌ ላይ ከፎቶ ጎን ተቀምጦ ጌጥ ሆኗል። ደሴ መድኃኒት ቤት ስትሪፑ የማይጠፋውን መለኪያ እዚሁ ግዢ፣ እሷ የስትሪፑንና የዓመት መዋጮውን ገንዘብ ትላክ። እትዬ ጾም የሚጾሙ ከሆነ፣ የሁዳዴም ይሁን የረመዳን፣ ግሊቤንክላማይዱን በምን ሰዓት እንደሚወስዱት ከጾሙ በፊት ሐኪማቸውን ይጠይቁ። በራሳቸው ፈቃድ ከማቋረጥ እሱ ይሻላል። አብሽሪ፣ እናትሽ ደህና ይሆናሉ።

«ጋሼዬ፣ ከኮምቦልቻ ነኝ፣ 24 ዓመቴ ነው። ሠርጌ ጥር ላይ ነው። ኪሎዬ 71፣ ቁመቴ 1.65። ቴሌግራም ላይ ኦዜምፒክ የሚሸጥ ልጅ አለ፣ ከዱባይ ነው የማመጣው ይላል። የሳጥኑን ፎቶ ልኬልዎታለሁ። ልግዛው? መድንስ ቢያንስ ግማሹን ይችልልኛል?»

እንኳን ደስ ያለሽ፣ ሸጋ ሠርግ ያድርግልሽ።

መድኑን በአንድ ቃል እንጨርሰው፣ አይችልም። መነጽርና ሰው ሠራሽ ጥርስ የማይከፍል መድን፣ የውበት ቀዶ ሕክምና የማይከፍል መድን፣ ለሠርግ ቬሎ ማጥበቢያ አይከፍልም። ያንቺን ቁጥር ግን እኔም አስልቼዋለሁ። ኪሎሽን ለቁመትሽ ካሬ ስናካፍለው 26 ይመጣል። ዌጎቪን የፈቀዱት አሜሪካኖቹ ራሳቸው 30 እና ከዚያ በላይ ለሆነ፣ ወይም 27 እና ከዚያ በላይ ሆኖ እንደ ደም ግፊት ያለ ሌላ ሕመም ለተጨመረበት ሰው ነው ያሉት። ስለዚህ የእህትየዋን ኢንሹራንስ ተውሰሽ ሜሪላንድ ብትሄጂ እንኳ እምቢ ይሉሽ ነበር።

ሠርግ አልሽ፣ ከሠርግ በኋላስ? ልጅ ካሰባችሁ ይሄ መድኃኒት ከእርግዝና ቢያንስ ሁለት ወር ቀድሞ መቆም አለበት። ይሄን ቴሌግራም ላይ ያለው ልጅ ነግሮሻል?

ዕቃው ራሱ ያሳስበኛል። እ.ኤ.አ. በሰኔ 2024 የዓለም ጤና ድርጅት ስለ ሐሰተኛ ኦዜምፒክ ማስጠንቀቂያ ያወጣው ብራዚልም፣ እንግሊዝም፣ አሜሪካም ውስጥ ከተያዘ በኋላ ነው። እነዚያ አገሮች ላይ የገባ ኮምቦልቻ አይገባም አይባልም። ዕውነተኛው ቢሆንም እንኳ ቅዝቃዜ ይፈልጋል፣ በረዶ ደግሞ አይወድም። እኔ ራሴ አንድ ጊዜ የአጎቴን ኢንሱሊን እንግዳ ሆኜ ባደርኩበት ቤት ፍሪጅ የላይኛው በረዶ ቤት ውስጥ ከትቼ ጠዋት ድንጋይ ሆኖ አግኝቼዋለሁ። ፋርማሲስት ነኝ እያልኩ! ጣልኩት፣ ሌላ ገዛሁ፣ አጎቴ እስከ ዛሬ ያነሳብኛል።

የላክሽልኝን ፎቶም አጉልቼ አይቼዋለሁ። ሳጥኑ ላይ «ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ይቀመጥ፣ ከብርሃን ይጠበቅ» የሚል በእንግሊዝኛ ተጽፏል። ልጁ ፎቶውን ያነሳው የቀትር ፀሐይ የሚመታው መስኮት ላይ ደርድሮ ነው።